ሙሴ ነርሲስ ናልባንድያን፦ ከመጋረጃው ጀርባ ያለፈ የጥበብ ሕይወት

ከደሴ ተነሥቶ ወደ ወልድያ የሚያመራው አውራ ጎዳና 30 ኪሎ ሜትር ገደማ እንደተጓዘ ሐይቅ ከተማ ይደርሳል። በስተቀኝ ከሚታየው ሰፊ ውኃ ዳር፣ በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በአባ ኢየሱስ ሞዓ አስተማሪነት ስሙ የገነነው የሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም ይገኛል። መንገዱ ወደ ፊት ሲቀጥል የአምባሰል ምድር ይከተላል። አምባሰል በ1881 ዓ.ም የኢትዮጵያና የጣሊያን ውል የተፈረመባት ውጫሌ፣ በየዓመቱ መስከረም 21 ቀን እልፍ ምእመናን የሚጎርፉባት ግሸን ማርያም የሚገኙበት ወረዳ ነው። ይሁንና የአምባሰልን ስም አምባውን በዓይናቸው ላላዩ ኢትዮጵያውያን ሁሉ ያስተዋወቀው ውሉም ሆነ ንግሡ ብቻ አይደለም። ስሙን በየቤቱ ያስገባው ዜማ ነው።

የኢትዮጵያ ዓለማዊ ሙዚቃ አራት ዋና ዋና ቅኝቶች ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺሆዬ እንደሚባሉ ይታወቃል። ከአራቱ ሁለቱ የወሎ ስፍራዎች መጠሪያ መሆናቸው፣ አራቱም ከወሎ አዝማሪና ከወሎ መሰንቆ ጋር ተያይዘው መነሣታቸው፣ ይህ አካባቢ ለሀገሪቱ ሙዚቃ ያበረከተውን ድርሻ ያመለክታል። አዝማሪው ዜማውን ይዞ ከአምባሰልና ከሐይቅ ገበያ ወደ ደሴ፣ ከደሴም ወደ አዲስ አበባ ወረደ። በዋና ከተማይቱ ግን መሰንቆው ከትራምፔት፣ ከሳክስፎን፣ ከፒያኖ ጋር ተገናኘ። በዚያ መገናኛ ላይ ለረጅም ዓመታት ቆመው የሁለቱን ዓለም መሣሪያዎች ለማስማማት ከደከሙት ሰዎች መካከል አንዱ ወሎዬ ወይም ሸዌ ሳይሆኑ፣ ከአርመን የስደተኛ ቤተሰብ የተገኙ ሰው ነበሩ። የአዲስ አበባ የሙዚቃ ሰዎች ሙሴ ነርሲስ እያሉ ይጠሯቸው ነበር።

ነርሲስ ናልባንድያን የተወለዱት እ.ኤ.አ. በ1915 ዛሬ ጋዚያንቴፕ በምትባለው፣ ያኔ በኦቶማን ቱርክ ግዛት ውስጥ በነበረችው በአይንታብ ከተማ ነው። ዓመተ ምሕረቱ ብቻውን ብዙ ይናገራል። በዚያው ዓመት የኦቶማን መንግሥት በአርመን ሕዝብ ላይ የጀመረው እልቂትና ማፈናቀል ከተማን ከከተማ፣ ልጅን ከወላጅ ለየ። ከሞት የተረፉት ወደ ሶሪያ፣ ወደ ሊባኖስ፣ ወደ ፍልስጥኤምና ወደ ግብፅ ተበተኑ። የናልባንድያን ቤተሰብ ያረፈው በሶሪያዋ የሐለብ ከተማ ነበር። በዚያ ዘመን እንደነርሱ ያሉ አርመናውያን ዜግነታቸውን ያጡ፣ ለጉዞ እንኳ ናንሰን ፓስፖርት የሚባለውን የመንግሥታቱ ማኅበር የስደተኛ ወረቀት የሚይዙ ነበሩ።

ቤተሰቡን ከኢትዮጵያ ጋር ያገናኘው ሙዚቃ ነው። በ1916 ዓ.ም አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ መኮንን ወደ አውሮፓ ለሚያደርጉት ጉብኝት ሲጓዙ በኢየሩሳሌም አረፉ፤ በከተማይቱ የአርመን ገዳም የሚያድጉ ወላጅ አልባ ልጆች በነሐስ መሣሪያዎች አቀባበል አደረጉላቸው። አልጋ ወራሹ በልጆቹ ሙዚቃ ተማርከው ወደ ኢትዮጵያ ሊያመጧቸው ወሰኑ። አርባ አርመናውያን ወጣቶች ጳጉሜን 1 ቀን 1916 ዓ.ም አዲስ አበባ ገቡ። እስከ ዛሬም በታሪክ የሚታወቁት አርባ ልጆች በሚለው መጠሪያ ነው። በሙዚቃ መምህርነትና በመሪነት የተቀጠሩላቸው ደግሞ የነርሲስ አጎት ኬቮርክ ናልባንድያን ነበሩ።

እርግጥ ነው፣ ከአርባ ልጆች በፊትም የነሐስ ሙዚቃ በኢትዮጵያ አልጠፋም። ከዐድዋ ድል በኋላ ከሩሲያ የመጡ መሣሪያዎች በዳግማዊ ምኒልክ ቤተ መንግሥት ተነፍተዋል። አርመናውያንም ለሀገሪቱ እንግዳ አልነበሩም። በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መባቻ ንግሥት እሌኒ ወደ ፖርቱጋል የላኳቸው መልእክተኛ ማቴዎስ አርመናዊ እንደነበሩ የታሪክ መጻሕፍት ያስረዳሉ። በምኒልክ ዘመን በወርቅ አንጥረኝነት፣ በፎቶግራፍ፣ በንግድ የተሰማሩ አርመናውያን ነበሩ፤ ነጋዴው ሰርኪስ ቴርዝያን ያስመጡት የመንገድ መዳመጫ የሰርኪስ ባቡር ተብሎ የከተማው ወሬና ቀልድ ማጣፈጫ እስከ መሆን ደርሷል። የአርባ ልጆች አመጣጥ የተለየ የሚያደርገው መንግሥት ራሱ አስቦበት፣ ደመወዝ ቆርጦ፣ የሀገር ሙዚቃ ክፍል ብሎ ያቋቋማቸው መሆናቸው ነው።

ኬቮርክ ናልባንድያን ብዙ ጊዜ ስማቸው የሚነሣው በአንድ ሥራቸው ነው። የግጥሙ ደራሲ ዮፍታሔ ንጉሤ የሆነውን፣ ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም በተከናወነው የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘውድ በዓል ላይ የተሰማውንና ከዚያ በኋላ ከ40 ዓመታት በላይ የሀገሪቱ ብሔራዊ መዝሙር ሆኖ የዘለቀውን ዜማ የደረሱት እርሳቸው ናቸው። ጎጃሜው ባለቅኔና ከአይንታብ የመጡት ስደተኛ በአንድ መዝሙር መገናኘታቸው የዚያን ዘመን የአዲስ አበባ መልክ ያሳያል። የአጎትየው ስም ከመዝሙሩ ጋር ተያይዞ ቢያንስ በመጻሕፍት ቀርቷል። ከሥር የመጡት የወንድም ልጅ ግን ዕድሜያቸውን በሙሉ የሠሩት ሌላው ሰው እንዲዘፍንበት፣ ሌላው ሰው እንዲተውንበት፣ ሌላው ሰው እንዲጨበጨብለት ነው። ከዚህም የተነሣ፣ ዝናቸው ከሥራቸው ጋር ሊመጣጠን አልቻለም።

ነርሲስ ናልባንድያን ኢትዮጵያ የደረሱት እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ መገባደጃ፣ ሀገሪቱ በፋሺስት ጣሊያን ወረራ ሥር በነበረችበት ወቅት ነው። ዘመኑ ለሙዚቃ የተመቸ አልነበረም። በዘውድ በዓሉ ላይ የተሰማው መዝሙር ታግዶ፣ የቤተ መንግሥቱ የሙዚቃ ክፍሎች ተበትነው፣ ከየካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም ጭፍጨፋ ወዲህ ከተማይቱ በሐዘን ተውጣ ነበር። ወጣቱ አርመናዊ ሐለብ ላይ የለመዱትን ሙያ ይዘው ቀኑ እስኪነጋ መጠበቅ ነበረባቸው።

በ1933 ዓ.ም ነጻነት ከተመለሰ በኋላ የሙዚቃው ሥራ በአዲስ ጉልበት ተጀመረ። ክቡር ዘበኛ፣ ፖሊስ ሠራዊት፣ የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት እያንዳንዳቸው የየራሳቸውን የሙዚቃ ክፍል አደራጁ። ሀገር ፍቅር ማኅበር በበኩሉ በክራርና በመሰንቆ፣ በዋሽንትና በከበሮ የባህሉን ሙዚቃ ወደ መድረክ አወጣ። ለዘመናዊዎቹ ክፍሎች አሠልጣኝ ማግኘት ቀላል ስላልነበረ ከልዩ ልዩ ሀገሮች የመጡ ባለሙያዎች ተፈለጉ። ነርሲስ አጎታቸው የጀመሩትን መንገድ ተከትለው የማዘጋጃ ቤቱን ሙዚቃ ክፍል መሩ። በዚህ ክፍል ውስጥ በለጋ ዕድሜያቸው እ.ኤ.አ. በ1949 ከገቡት ልጆች አንዱ በኋላ ሽለላና ፉከራን በሳክስፎን በመንፋት ዓለም ያወቃቸው ጌታቸው መኩሪያ ነበሩ።

የነርሲስ የሥራ ዘመን ዋና ምዕራፍ የተከፈተው በ1948 ዓ.ም ነው። የንጉሠ ነገሥቱ 25ኛ ዓመት የዘውድ በዓል ሲከበር የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር ተመረቀ። ጣሊያኖች ለሲኒማ ጀምረውት የቆየው ሕንፃ በፈረንሳዊው አርክቴክት በሄንሪ ሾሜት ንድፍ ታድሶና ተስፋፍቶ፣ ሌላው ፈረንሳዊ ሞሪስ ካልካ የቀረጹት የድንጋይ አንበሳ አጠገቡ ቆሞ፣ በአዲስ አበባ ከዚያ በፊት ያልታየ የጥበብ አዳራሽ ሆነ። በመክፈቻው የታየው ተውኔት የቢትወደድ መኮንን እንዳልካቸው ድርሰት የሆነው ዳዊትና ኦርዮን ነው። የቴአትሩን ኦርኬስትራ በመጀመሪያ እንዲመሩ የተሾሙት ኦስትሪያዊው ፍራንዝ ዜልዌከር ሲሆኑ፣ ቀጥሎ ኃላፊነቱ በነርሲስ ናልባንድያን ትከሻ ላይ ወደቀ። ጌታቸው መኩሪያም ከማዘጋጃ ቤት ወደዚሁ ኦርኬስትራ ተዛውረው ነበር።

በዚያ ዘመን የአንድ ቴአትር ቤት የሙዚቃ ኃላፊ ሥራ ምን እንደነበረ መግለጽ ያስፈልጋል፤ የዛሬ ተመልካች ኃላፊውን ፊት ለፊት ዘንግ የሚያወዛውዝ ሰው ብቻ አድርጎ ሊያስበው ይችላልና። ደራሲው ተውኔቱን ሲያስረክብ በየትኛው ትዕይንት ዜማ እንደሚገባ መወሰን፣ ዜማውን መድረስ ወይም ከሕዝብ ዜማ መርጦ ማቀናበር፣ ለእያንዳንዱ መሣሪያ ኖታውን በእጅ መጻፍ፣ ኖታ ለማያነበው ድምፃዊ በቃሉ ማስጠናት፣ ለተወዛዋዡ ምቱን መቁጠር የእርሱ ድርሻ ነበር። በመጨረሻ መጋረጃው ሲከፈት ተመልካቹ የሚያየው ተዋናዩንና ድምፃዊውን ነው። አቀናባሪው ጀርባውን ለተመልካቹ ሰጥቶ ወይም ጭርሱን ከእይታ ተሰውሮ ይሠራል። በተውኔት ዓለም ረዳት ተዋናይ የሚባል አለ፤ ዋናው ባለታሪክ እንዲደምቅ የሚያደርግ፣ ስሙ በማስታወቂያው ግርጌ በትንሽ ፊደል የሚጻፍ። ሙሴ ነርሲስ በሙዚቃው በኩል የያዙት ቦታ ከዚህ ጋር ይመሳሰላል።

ከሁሉ የከበደው ፈተና ግን የሀገሩን ቅኝት ከምዕራቡ መሣሪያ ጋር ማስማማት ነበር። እዚህ ላይ አምባሰልን ምሳሌ አድርጎ ማየት ይጠቅማል። የአምባሰል ቅኝት ከዶ ሲነሣ ዶ፣ ሬ ቤሞል፣ ፋ፣ ሶል እና ላ ቤሞል የሚሉ አምስት ድምፆች ብቻ አሉት። ከሬ ቤሞል እስከ ፋ ያለው ርቀት ሰፊ ነው፤ ከዶ እስከ ሬ ቤሞል፣ ከሶል እስከ ላ ቤሞል ያለው ደግሞ እጅግ ጠባብ። ያ የሚያባባና ግርማ ያለው ድምፅ የሚመነጨው ከዚህ የርቀት መፈራረቅ ነው። የአምባሰል መሰንቆ ተጫዋች ጣቱን በአንዲት የጭራ ክር ላይ ወደ ፈለገበት እያንሸራተተ ድምፁን ያሟሻል፤ አጃቢ ሕብረ ድምፅ አያስፈልገውም፤ ድምፁና መሰንቆው ተከታትለው መሄዳቸው ብቻ ይበቃዋል።

ይህንኑ ዜማ ፒያኖና የነሐስ መሣሪያዎች ላሉት ኦርኬስትራ ለማቀናበር የሚነሣ ሰው ወዲያው እንቅፋት ይገጥመዋል። በአውሮፓ የሙዚቃ ሕግ አንድ ዜማ ቤቴ ብሎ በሚያርፍበት ድምፅ ላይ ሦስት ድምፆች ተደርበው ሕብረ ድምፅ ይሠራሉ። በአምባሰል መነሻ በዶ ላይ ግን ሦስተኛው ድምፅ፣ ማለትም ሚ፣ በቅኝቱ ውስጥ የለም። ከአምስቱ ድምፆች በቀላሉ የሚገኙት ሕብረ ድምፆች በሬ ቤሞልና በፋ ላይ የሚሠሩት ናቸው። ጥንቃቄ የጎደለው አቀናባሪ እነዚህን ተከትሎ ቢሄድ ዜማው ከዶ ተነቅሎ ፋ ላይ ይቀመጣል፤ አዝማሪው ቤቱ የሚያደርገው ድምፅ መንገደኛ ሆኖ ይቀራል። የሚጎድለውን ሚ ከውጭ አምጥቶ ቢያስገባ ደግሞ አምባሰልነቱ ይጠፋል። ስለዚህ አቀናባሪው ሕብረ ድምፁን መቆጠብ፣ መሣሪያዎቹን በአንድ ዜማ ላይ ማስተባበር፣ አንዱ ሲዘፍን ሌላው እንዲመልስለት ማድረግ፣ አልፎ አልፎም ዝም ማለት ነበረበት። ይህ ሁሉ ዘዴ ከመጽሐፍ የሚገኝ አልነበረም፤ የአውሮፓ መማሪያዎች ስለ አምባሰልም ሆነ ስለ አንቺሆዬ የሚሉት ነገር የለምና።

ነርሲስ ናልባንድያን ኦርኬስትራ በመሩባቸው ዓመታት የሠሩት በዚህ ጉዳይ ላይ ነው። የባህሉን ዜማዎች በቅኝታቸው እንዳሉ ጠብቆ ለትልቅ ኦርኬስትራ ማቀናበር የሥራቸው ማእከል ነበር። ምናልባት አስተዳደጋቸው ረድቷቸው ይሆናል። ከአርመን ቤተ ክርስቲያን ዜማ፣ ከቱርክና ከዐረብ የሐለብ ሙዚቃ ጋር ያደገ ጆሮ፣ ዜማ ሁሉ የግድ በአውሮፓ ሕብረ ድምፅ መታጀብ አለበት ብሎ አይነሣም። ከቪየና ወይም ከፓሪስ በቀጥታ የመጣ መምህር ጎደሎ የሚለው ቅኝት ለእርሳቸው ሙሉ ሆኖ ሊሰማቸው የሚችልበት ምክንያት ነበር። በኋላ ዘመን ሙላቱ አስታጥቄ ኢትዮ ጃዝ ብለው በሰየሙት መንገድ ይኸው የቅኝትና የሕብረ ድምፅ ጥያቄ ሌላ ምላሽ አግኝቷል። ጥያቄው ግን ቀድሞ በቴአትር ቤቱ የልምምድ ክፍል ውስጥ ዕለት ተዕለት ሲነሣ የቆየ ነው።

ቴአትር ቤቱ በወቅቱ የሀገሪቱ የጥበብ ሰዎች መናኸሪያ ነበር። ሴቶች መድረክ ለመውጣት በማይደፍሩበት ጊዜ የሴት ገጸ ባሕርይ ይጫወቱ የነበሩት ተስፋዬ ሳህሉ፣ በክራራቸውና በትወናቸው የተደነቁት አስናቀች ወርቁ፣ ድምፃዊው ምኒልክ ወስናቸው በዚሁ መድረክ ታይተዋል። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም ሥራ ሲጀምር ተመልካች በመስኮቱ ያያቸው ፊቶች አብዛኞቹ ከቴአትር ቤቶች የሄዱ ነበሩ፤ ተስፋዬ ሳህሉም አባባ ተስፋዬ ተብለው የልጆች ሁሉ አባት የሆኑት በዚያ መስኮት ነው። ቴሌቪዥን ለተዋናይ አዲስ ዕድል ከፈተ። ለአቀናባሪ ግን ያው ነበር፤ ካሜራው ወደ ድምፃዊው ሲያነጣጥር ኖታውን የጻፈው ሰው ከምስሉ ውጪ ይቀራል።

ከቴአትር ቤቱ ሥራ ጎን ለጎን ነርሲስ በሙዚቃ ትምህርት ቤት አስተምረዋል። በኋላ ያሬድ የሙዚቃ ትምህርት ቤት የተባለው ተቋም በ1950ዎቹ በአሸናፊ ከበደ ዳይሬክተርነት ሲጠናከር የሀገሪቱ ወጣቶች ኖታ፣ ሕብረ ድምፅና የመሣሪያ አጨዋወት በሥርዐት የሚማሩበት ስፍራ ተገኘ። ከዚያ በፊት አንድ ልጅ ሙዚቃ የሚማረው የጦር ክፍል ባልደረባ ሲሆን ወይም እንደ ሙሴ ነርሲስ ያለ መሪ በልምምድ ላይ እያረመው ነበር።

አጎታቸው ኬቮርክ እ.ኤ.አ. በ1963 በሞት ተለዩ። ከ11 ዓመታት በኋላ በ1966 ዓ.ም የፈነዳው አብዮት ዘውዱን ሲያስወግድ ከዘውዱ ጋር መዝሙሩም ሄደ። በ1967 ዓ.ም በዳንኤል ዮሐንስ ዜማ የተዘጋጀ አዲስ ብሔራዊ መዝሙር ተተካ። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትርም ብሔራዊ ቴአትር ተባለ። ለናልባንድያን ቤተሰብ ይህ ለውጥ ከሌላው ሰው የተለየ ትርጉም ነበረው። ከአርባ ዓመታት በላይ በየትምህርት ቤቱና በየሰልፉ ሲዘመር የኖረው የአጎትየው ዜማ በአንድ ጊዜ ከአደባባይ ታጥፎ ተቀመጠ፤ ለብዙ ዓመታትም የማይነሣ ሆነ።

የአብዮቱ ዓመታት የአዲስ አበባን የአርመን ማኅበረሰብ አመናመኑት። ንግዱና ፋብሪካው ሲወረስ፣ የሰዓት እላፊው ሲጠነክር፣ ብዙዎቹ ወደ ካናዳ፣ ወደ አሜሪካ፣ ወደ ፈረንሳይ ሄዱ። የቤተሰቦቻቸው ሁለተኛ ስደት መሆኑ ነው። ነርሲስ ናልባንድያን ከሀገር አልወጡም። እ.ኤ.አ. በ1977 በ62 ዓመት ዕድሜያቸው ገደማ አዲስ አበባ ላይ አረፉ። ወቅቱ ቀይ ሽብር ከተማይቱን ያስጨነቀበት፣ በየማለዳው የሟች ስም የሚቆጠርበት ስለነበር የአንድ ሽማግሌ የሙዚቃ መምህር ሞት የሕዝብ መነጋገሪያ ሊሆን የሚችልበት ጊዜ አልነበረም።

ከዚያ በኋላ ስማቸው ለሁለት ዐሥርተ ዓመታት ያህል የሚነሣው በሙያ ባልደረቦቻቸው ዘንድ ብቻ ነበር። እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ ኢትዮፒክስ በሚል ርዕስ የኢትዮጵያን ዘመናዊ ሙዚቃ በተከታታይ አልበሞች ማሳተም ሲጀምሩ፣ አጥኚዎችና የውጭ ሙዚቀኞች ወደ አዲስ አበባ የቀድሞ ኦርኬስትራዎች ታሪክ ተመለሱ። በቦስተን አካባቢ የሚገኘው፣ በራስ ገርሾን የሚመራው አይዘር ኦርኬስትራ የተባለው የጃዝ ቡድን እ.ኤ.አ. በጥር 2004 አዲስ አበባ መጥቶ ከኢትዮጵያውያን ጋር በአንድ መድረክ ተጫወተ። በእንግድነት ከተጋበዙት መካከል ሳክስፎናቸውን ይዘው የወጡት ጌታቸው መኩሪያ፣ ማለትም ማዘጋጃ ቤት በልጅነታቸው የገቡት፣ በቴአትር ቤቱ ኦርኬስትራም ወንበር የነበራቸው ሰው ነበሩ። ቡድኑ በኋላ የነርሲስን ቅንብሮች አጥንቶ ቀዳቸው። አልበሙ በኢትዮፒክስ ተከታታይ 32ኛ ሆኖ የወጣ ሲሆን በአይንታብ ተወልደው፣ በሐለብ አድገው፣ አዲስ አበባ ያረፉትን ሰው በርዕሱ ላይ ኢትዮጵያዊው ናልባንድያን ይላቸዋል።